በሞቴ ብሎ ማኪያቶ የጋበዘኝ ሰውዬ

እኛ የአንድ ቅርንጫፍ ጡረተኞች መሥሪያ ቤታችንን ከሰናል። አበላችን ሲሰላ የመጨረሻው የደመወዝ ጭማሪ አልተያዘልንም ነው ክሳችን።

በክርክሩ ዋዜማ ፒያሳ አንድ ካፌ ባንኮኒ ተደግፌ ማኪያቶ ስጠጣ፣ ከራቫት ያሰረ ሽበታም ሰውዬ አጠገቤ ቆመ።

«ጋሼ፣ የጡረታው ክስ ነገ ነው አይደል?»

ማን ነገረው?

«ጭማሪው የጸደቀው ሥራ ላይ እያላችሁ መሆኑን አጥብቃችሁ ተናገሩ። እሱን ከዘለላችሁት አለቀላችሁ።»

ለማያውቀው ሰው እንዲህ የሚጨነቅ ፍጡር አራዳ ላይ ገጥሞኝ አያውቅም። ሒሳቤን ልክፈል ሲል እጁን ያዝኩት። የዚህ ሰው ማኪያቶ ነገ ምን ይዞብኝ እንደሚመጣ ምን አውቃለሁ? እሱ ግን «በሞቴ» ብሎ ከፈለ። ቸርችልን ቁልቁል ስወርድ ይከተለኝ እንደሆነ እየዞርኩ አየሁ።

በማግስቱ ችሎት ስንገባ ከዋናው መሥሪያ ቤት የመጣው ነገረ ፈጅ ማን ቢሆን ጥሩ ነው? ያው ሰውዬ። መጠርጠሬ ልክ ነበር፤ የመከረኝን ላልተነፍስ ወሰንኩ።

ዳኞቹ ሳይገቡ ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለ።

«ጋሼ፣ የትናንቱን እንዳይረሱት። በሞቴ ይርቱኝ፤ በሚመጣው ወር ጡረታ የምወጣው እኔ ነኝ።»