ጋሼ አየነው የካዷት መርከብ

ጋሼ አየነውን ኖኅ ብዬ የሰየምኳቸው እኔ ነኝ። ለዓመታት ሌላ ሰው ሲመሰገንበት ዝም ብያለሁ፤ አሁን ግን የራሴን ድርሻ ልውሰድ። ዙሪክ አጠገብ ባለችው ረገንስዶርፍ ውስጥ እሁድ እሁድ ከሰዓት በኪራይ አዳራሽ የምንሰበሰብ አርባ የማንሞላ ጴንጤዎች ነን፤ አብዛኞቻችን በሊቢያ በኩል ባሕር አቋርጠን የመጣን። አንድ እሁድ እሳቸው በሩ ላይ ብቅ ሲሉ «ኖኅ መጡ፣ እንስሶቻችሁን ሰብስቡ!» አልኩ። ቤቱ በሳቅ አውካካ፤ ስሙም በዚያው ተጣበቀባቸው። እዚህ የተወለዱት ልጆች እንኳ በጀርመንኛ «ሄር ኖኅ»፣ አቶ ኖኅ፣ ይሏቸው ጀመር። እሳቸው ባርኔጣቸውን አንሥተው ሰላምታ ይመልሱላቸዋል።

ጥፋታቸው አንድ ነበር። ስለ መርከብ ያወራሉ።

የድሬዳዋ ሰው ናቸው። በአሥራ ሰባት ዓመታቸው በባቡር ጅቡቲ ወረዱና ከማርሴይ ተነሥታ በሱዌዝ ቦይ እያለፈች ማዳጋስካር ድረስ በምትመላለስ የፈረንሳይ የመንገደኛ መርከብ ላይ ተቀጠሩ፤ በልብስ ማጠቢያ ክፍል። መርከቧ ኤትዋል ዱ ሱድ ትባላለች፤ እሳቸው ሲያቆላምጧት ኤትዋል ብቻ ይሏታል። ስድስት ፎቅ ነበራት ይላሉ። ላይ አንደኛ ማዕረግ፣ ነጭ የገበታ ጨርቅ፣ ፒያኖ፣ ሚስቶቻቸውን በየምሽቱ ልብስ የሚያስለውጡ ሹማምንት። ታች ከሞተሩ አጠገብ ሦስተኛ ማዕረግ፤ ወታደሩ፣ ሱቅ ከፋቹ፣ የማዳጋስካር ተማሪው ተደራርቦ የሚተኛበት። ከሦስተኛ ማዕረግም በታች፣ ከውሃው ወለል ሥር፣ ጋሼ አየነውና ማሽናቸው። «የአንደኛ ማዕረግ ውሻ ምሳ በሳህን ይቀርብለት ነበር» ይሉናል፣ «ፎጣውን ያጠብኩት እኔ ነኝ።»

ኋላ ግብፅና እስራኤል ሲዋጉ ቦዩ ተዘጋ፤ ኤትዋልም አፍሪካን በደቡብ መዞር ግድ ሆነባት። መንገደኛውም እስከ ጅቡቲ ስምንት ቀን የነበረው ጉዞ ወር ሲሆንበት ወደ አውሮፕላን ሄደ። ባለቤቶቿ ለብረት ሸጧት። ስፔን ወደሚገኘው ማረጃዋ ካደረሷት ሠላሳ ሰዎች አንዱ ጋሼ አየነው ነበሩ። በመጨረሻው ጉዞ መንገደኛ አልነበረም፤ እሳቸው ግን በመርከቧ ያለውን አንሶላ በሙሉ አጥበው፣ ተኩሰው፣ ደርድረው አስረከቡ። ለማን? ለሚቆራርጧት ሰዎች። ይህን ሲናገሩ ድምፃቸው ይሰበራል፤ እኛ ደግሞ እርስ በርስ እንጠቃቀሳለን።

«ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተትዋንም አላይ» ትላለች አንዷ ከኋላ።

ለምን እንደጠላናቸው ልናገር። ለእኛ ባሕር ማለት ጎማ ጀልባ ነው። ባሕር ማለት ቤንዚንና ትውከት የተቀላቀለበት ውሃ ውስጥ ተቀምጦ፣ አጠገብህ ያለው ሰው ከመቼ ጀምሮ ዝም እንዳለ አለማወቅ ነው። እኔ እንዲያ ነው የተሻገርኩት። የፓስተራችን የንዋይ ታናሽ ወንድም አስረስ ከዚያው አልወጣም። እኚህ ሽማግሌ ተነሥተው በዚያው ባሕር ላይ ፒያኖ ሲያስመቱ እንዴት እንስማቸው? አመንናቸው ማለት እኮ ያ ውሃ ለሌላ ሰው መዝናኛ ነበር ማለት ነው።

እሳቸው የመጡት በአውሮፕላን ነው። በዘጠና ሰባቱ ምርጫ ለተቃዋሚ ታዛቢ ሆነው ምርጫ ጣቢያ ተቀመጡ፤ ከዚያ ታሰሩ፤ ሲፈቱ ሀገር ለቀቁ። ስድሳ ሊሞላቸው ነበር። ዙሪክ ሲደርሱ ለጥገኝነት ቃለ መጠይቁ ሕይወታቸውን ከነመርከቧ አንድ ሳያስቀሩ ተናገሩ። መልሱ ኔጋቲቭ ሆነ፤ ጥገኝነት ተከለከሉ። ኔጋቲቭ የወጣበት ሰው ወደ ሀገሩ ካልሄደ፣ ለጦርነት ተብሎ ከመሬት በታች በተሠራ ቡንከር ውስጥ ያሳድሩታል። ስድስት ዓመት እዚያ ኖሩ።

«ሕብስትዬ፣» አሉኝ አንድ ቀን፣ «በመርከቧም መስኮት አልነበረኝም፤ እዚህም የለኝም። ከመሞቴ በፊት አንድ መስኮት ቢኖረኝ ሌላ አልፈልግም።»

መስኮቱን የሚያስገኝ አንድ መንገድ ነበር። ሄርተፋል ይሉታል፤ ብዙ ዓመት ለቆየና ችግሩ ለታየለት ሰው የመኖሪያ ፈቃድ የሚጠየቅበት ማመልከቻ ነው። ማንነትህ የታወቀ መሆን አለበት፤ የሚመሰክርልህም ሰው ያስፈልጋል። ጋሼ አየነው የቤተ ክርስቲያናችንን ደብዳቤ ጠየቁ። ጸሐፊዋ እኔ ነበርኩ፤ ማኅተሙ ግን ፓስተር ንዋይ ኪስ ውስጥ ነው።

«ጋሼ፣ እኔ ውሸት ላይ ማኅተም አላሳርፍም» አላቸው ፓስተሩ።

«ውሸቱ የቱ ነው?»

«መርከቡ ነዋ። በጉባኤ ፊት ቆመው ይናዘዙ፤ በማግስቱ ደብዳቤው ይጻፋል።»

«ልጄ፣ ወንድምህን እኔ አላሰጠምኩትም።»

ፓስተሩ ተነሥቶ ወጣ። እኔም ተከትዬው ወጣሁ፤ ስወጣም «ምን ነበር ዝም ቢሉ? የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም» አልኳቸው። አላፈርኩም። በዚያው ሳምንት እሳቸው ባስተማሩኝ አተጣጠፍ መቶ አንሶላ አጥፌያለሁ። ሥራዬ በአንድ የአረጋውያን መኖሪያ የልብስ ማጠቢያ ክፍል ነው። ብቻዬን አንሶላ ማጠፍ ሲያቅተኝ አይተው አንድ ዘዴ አሳይተውኛል፦ ጠርዙን ወደ ውስጥ አጥፈሽ፣ ጫፉን በራሱ ላይ ቆልፈሽ፣ ጥቅል የምታደርጊው። «ባሕር ሲናወጥ ከመደርደሪያ እንዳይንሸራተት ነው» ብለውኛል። አለቃዬ በዚህ አተጣጠፍ ሁለት ጊዜ አመስግናኛለች። እጄ ያውቅ ነበር፤ እኔ ግን ምላሴን ነው ያመንኩት።

ሚያዝያ ላይ ጋሼ አየነው ተሸነፉ። እሁድ መድረክ ላይ ወጡ፤ ሸሚዛቸው እንደ ወትሮው ተተኩሷል። ማይክሮፎኑን በሁለት እጃቸው ያዙ።

«ወንድሞችና እኅቶች፣ መርከብ ላይ ሠርቼ አላውቅም። መርከብ ላይ ወጥቼም አላውቅም።» ከዚያ ማንም ሳይጠይቃቸው «ኤትዋል የምትባል መርከብ የለችም» አሉ።

እልልታው ጣሪያውን ሊያነሣው ደረሰ። ወጣቶቹ አቀፏቸው፤ ፓስተሩ አለቀሰ፤ እኔም አለቀስኩ። እሳቸው ብቻ አላለቀሱም። ማግስቱን ከሥራ ስወጣ ደብዳቤውን በጥሩ ጀርመንኛ ጻፍኩ፦ «ወንድም አየነው ስለ ሕይወታቸው፣ በተለይም መርከበኛ ነበርኩ በማለት፣ ለዓመታት ሐሰት ሲናገሩ ቆይተው በጉባኤ ፊት ተናዝዘዋል። ዛሬ እውነተኛ ሰው መሆናቸውን እንመሰክራለን።» ኮራሁበት። በእኛ ዘንድ ንስሐ የገባ ሰው ካልበደለው ይበልጣል፤ ከዚህ የሚልቅ ምስክርነት የት ይገኛል? ፓስተሩም አንብቦ «ተባረኪ» ብሎ ማኅተሙን አሳረፈበት።

ጉድ ሳይሰማ መስከረም አይጠባም። መልሱ በመስከረም መጀመሪያ መጣ። ጋሼ አየነው እንዳነብላቸው ባቡር ጣቢያው አግዳሚ ወንበር ላይ ጠበቁኝ። ሁለተኛው ገጽ ላይ ደረስኩ፦ አመልካቹ ስለ ሕይወታቸው የሰጡት ቃል ሐሰት መሆኑን የራሳቸው ቤተ ክርስቲያን አረጋግጣለች፤ ስለዚህ ማንነታቸው እንደታወቀ አይቆጠርም፤ ማመልከቻው ውድቅ ነው። ለእኛ ንስሐ የሆነው ለመሥሪያ ቤቱ ጥፋትን የማመን ቃል ሆኖለታል።

«ምን ይላል?» አሉኝ።

«አልተቀበልነውም ነው የሚለው።»

«ምክንያቱስ?»

«ምክንያት አልጻፉም» አልኩ።

አመስግነውኝ ወረቀቱን ኪሳቸው ከተቱ። በሳምንቱ ከቡንከሩ ጠፉ። ጄኔቫ ገብተው፣ ቶኔ በሚባለው ሰፈር ሸዋረጋ የምትባል የቀድሞ የማኅበራችን አባል ዘንድ እንዳሉ ቆይቼ ሰማሁ። ይግባኝ የሚባልበት ሠላሳ ቀን እየሄደ ነበር፤ እኔም እንዲሄድ ተውኩት።

ሃያ አንደኛው ቀን ላይ፣ በምሠራበት መኖሪያ ካሉት አሮጊቶች ወደ አንዷ፣ ወደ ፍራው ሁግ ክፍል አንሶላ ይዤ ገባሁ። ዘጠና ዓመት ሊሆናቸው ነው፤ አልጋቸውን ራሳቸው ካላነጠፉ ይቆጣሉ። አንዱን ጥቅል አንሥተው እያገላበጡ ብዙ አዩት።

«ይህን ማን አስተማረሽ?»

«አንድ የሀገሬ ሰው።»

«መርከብ ላይ የሠራ ሰው ነው» አሉ። ጥያቄ አልነበረም። በወጣትነታቸው የሚስዮን ነርስ ሆነው ከማርሴይ ማዳጋስካር ሲሄዱ በባሕር ሕመም ወድቀው፣ አንሶላቸው በቀን ሦስቴ ይቀየርላቸው ነበር፤ ሁሌም እንዲህ ተጠቅልሎ። «ኤትዋል ዱ ሱድ» አሉ ዓይናቸውን ጨፍነው። የመርከቧን ስም እኔ በአፌ አላነሣሁትም። ከመሳቢያቸው የመርከቧ ሥዕል ያለበት የምሳ ዝርዝር አወጡ። እጄ ላይ የነበረው አንሶላ ሁሉ ወለሉ ላይ ተበተነ።

ፍራው ሁግ የምስክርነት ቃላቸውን በራሳቸው እጅ ጽፈው ፈረሙ። እኔ ይግባኙን ጻፍኩ። የቀረው የጋሼ አየነው ፊርማ ነበር። ሐሙስ ዕለት ጄኔቫ ሄድኩ፤ ቀነ ገደቡ በሚቀጥለው ረቡዕ ነው። ሸዋረጋ ቤት ስደርስ የሚተኙበትን አሳየችኝ፦ ምድር ቤት ያለ የዕቃ ማስቀመጫ። መስኮት የለውም። «ቀን ቀን ሐይቁ ዳር ናቸው» አለችኝ።

አገኘኋቸው። በጎንና በጎኗ መንኮራኩር ያላት አሮጌ የእንፋሎት ጀልባ ሰው እያሳፈረች ነበር፤ እሳቸው ከአጥሩ ጋር ተደግፈው ያያሉ።

«ሞተሯን ከላይ ሆኖ ማየት ይቻላል አሉ» አሉኝ ሰላምታ ሳይሰጡ። «ንጹሕ አድርገው ነው የያዟት።»

ሁሉንም ነገርኳቸው፤ ፍራው ሁግን፣ አንሶላውን፣ የዘለልኩትን ገጽ።

«ደብዳቤውን ማን ጻፈው?»

«እኔ ነኝ፣ ጋሼ።»

«ጀርመንኛሽ ጥሩ ነው ይላሉ» አሉና ወደ ጀልባዋ ዞሩ። የምሳ ዝርዝሩን ሰጠኋቸው። ሥዕሉን በአውራ ጣታቸው ቀስ ብለው ዳሰሱት። እስክሪብቶውን ስዘረጋ ግን አልተቀበሉኝም።

«ለመስኮት ብዬ ኤትዋልን ሸጥኳት፣ ሕብስት። አርደው ብረቷን ሲመዝኑ እንኳ እንደዚያ ቀን አላፈርኩም። አሁን ደግሞ ለመስኮት ብዬ መልሼ ልግዛት? እፈርማለሁ። ግን መጀመሪያ አንቺ በዚያው መድረክ ላይ ቁሚ። አስገድደን አስዋሸናቸው በይ። እሁድ ተናግረሽ ደውይልኝ፤ ሰኞ ባቡር ይዤ እመጣለሁ።»

«እሺ» አልኩ። ከልቤ ነበር እሺ ያልኩት።

ባቡሩ ዙሪክ ሳይደርስ ዜናው በስልኬ መጣ። በዚያ ቀን ንጋት የጣሊያን ደሴት ላምፔዱዛ አጠገብ ስደተኞች የጫነ መርከብ ተቃጥሎ ሰጥሟል፤ እስከ እሁድ የሞተው ሰው በመቶ የሚቆጠር ሆነ። አዳራሹ ልቅሶ ቤት ነበር። ዘመድ የጠፋበት አለ፤ ያልጠፋበትም የራሱን ቀን አስታውሶ ያለቅሳል። ፓስተር ንዋይ የአስረስን ስም ጠራና መቀጠል አቃተው። ከዚያ ምስክርነት ያለው ይውጣ አለ፤ እኔም ወጣሁ። ማይክሮፎኑን ያዝኩ። ፊታቸውን አየሁ። ነጭ የገበታ ጨርቅ፣ ፒያኖ፣ በሳህን የሚበላ ውሻ። እውነት ነበር ልበላቸው? ዛሬ?

«ጌታ ጄኔቫ በሰላም አድርሶ ስለመለሰኝ ክብር ይሁንለት» ብዬ ወረድኩ።

ለጋሼ አየነው አልደወልኩም። ተናግሬያለሁ ብዬ ብዋሻቸው እንኳ አምነውኝ መጥተው ይፈርሙ ነበር፤ ለዚያ ውሸት እንኳ አልበቃሁም። ሰኞ ስልኬ ሁለት ጊዜ ጠራ፤ የሸዋረጋ ቁጥር ነው፤ አላነሣሁትም። ረቡዕ አለፈ። ፍራው ሁግ «ፈረመ?» ሲሉኝ «አዎ» አልኳቸው፤ በዚያው ክረምት ደስ ብሏቸው ሞቱ። ጋሼ አየነው ዛሬም ቶኔ፣ ያው ምድር ቤት ናቸው ይላሉ። ስለ መርከብ ግን አያወሩም አሉ፤ ሰው ቢጠይቃቸውም ወጥቼ አላውቅም ነው የሚሉት።

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል። እኔ ጋ አልጠራም፤ አንሶላዬን እንደ ወትሮው ጠቅልዬ እደረድራለሁ። አዲስ ሰው ወደ ማኅበራችን ሲመጣና ለመናዘዝ ሲያመነታ፣ ፓስተር ንዋይ ውሸታቸውን በጉባኤ ፊት ስለጣሉት ስለ ሽማግሌው ኖኅ ይተርክለታል። ተረኩን ሲጨርስ ወደ እኔ ዞሮ «ሕብስት ነበረች፣ ትመስክር» ይላል። እኔም አሜን እላለሁ።