ጠርዛቸው የተከረከመ ስዕሎች

ጤነኛ ሰው እንዴት መቀስ ይዞ የሰው እጅ ጽሑፍ ይከረክማል? ወይዘሮ ፉሳኤ ከዚያ ቀን ጀምሮ የሚጠይቁት ይህንኑ ነው። እኔም ባነሳሁት ቁጥር ደሜ ይፈላል።

ፉሳኤ ቶኪዮ፣ ሱጊናሚ ሰፈር ውስጥ፣ የአንድ አኒሜሽን ስቱዲዮ ቀለም ቀቢ ነበሩ፤ ባላቸው ቶኩጂ ደግሞ እዚያው ሰዓሊ። ያን ጊዜ ፊልሙ ከተቀረጸ ስዕሉ አበቃለት፤ ለቆሻሻ መኪና ነው። ፉሳኤ ግን የባላቸውን ስዕሎች ከመጣያው እየለቀሙ ቤቱን ሞሉት።

"ቤቱን የቆሻሻ ክምር አደረግሽው እኮ!" ይሏቸው ነበር ቶኩጂ።

"አንተንስ አስቀምጬህ የለ?"

ቶኩጂ ሞቱ። ቤቱ እርጥበታም ነው፤ የዝናቡ ወቅት በመጣ ቁጥር ሻጋታው ወረቀቱን ይበላል። ኩሩሺማ የሚባል የኤግዚቢሽን አዘጋጅ መጥቶ፣ "ደረቅ ክፍል አለን፤ እንደ ዓይናችን ብሌን እንጠብቀዋለን" ሲላቸው አመኑት። ሁሉንም አስረከቡ።

የመክፈቻው ዕለት ደረታቸው ላይ የወረቀት አበባ ተሰክቶላቸው ገቡ። የቶኩጂ የምትሮጥ ልጅ በተከታታይ ክፈፎች ተሰቅላለች። ቀረብ ብለው ሲያዩ ጠርዙ የለም! ስዕሎቹ ሲገለበጡ እንዳይንሸራተቱ ወረቀቶቹን ትናንሽ ካስማ ላይ አስይዘው እኩል የሚያቆሙት የጠርዝ ቀዳዳዎች የሉም። ቶኩጂ ጠርዙ ላይ በእርሳስ የጻፉት፣ "ልጅቷ ከጠዋት ጀምሮ አልበላችም፤ እግሯ ይክበዳት" የሚለውም የለም።

"ኩሩሺማ! ጠርዙስ?"

"ወይዘሮ ፉሳኤ፣ ይቅርታ... ቆሽሾና ተጨማዶ ነበር። ለክፈፉ እንዲመች አስተካከልነው።"

"አስተካከልነው? እጅህን ይቁረጠው! ቁራጩ የታለ?"

ኩሩሺማ እስከ ወገቡ ጎነበሰ። "ተጥሏል።"

"አትጎንበስብኝ! ጎንበስ ብለህ ትመልሰው ይመስል!"

የሚያቆማቸው ጠፋ። ክፈፎቹን ከግድግዳው እየነቀሉ አወረዱ። ጥበቃው ጠጋ ሲል፣ "ንካኝና ታያለህ!" አሉት። እሱም ዞር አለ።

ክፈፎቹን ተሸክመው ቤት ገብተው ስዕሎቹን ከመስታወቱ አወጡና ደረደሩ። ቶኩጂ ያደርጉት እንደነበረው፣ በጣታቸው እየገለበጡ ሊያስሮጧት ሞከሩ። የሚይዛቸው ቀዳዳ የለ፤ አንዱ ወደ ግራ፣ አንዱ ወደ ቀኝ ይሸሻል። ልጅቷ አልሮጠችም፤ ብርድ እንደመታው ሰው ባለችበት ተንቀጠቀጠች። አስተካክለው ደገሙት። አሁንም ተንቀጠቀጠች።

ስዕሎቹን አስቀምጠው ወደ ባላቸው ፎቶ ዞሩ።

"በገዛ እጄ ሰጠሁህ፣ ቶኩጂ" አሉ። "ማንም አልነጠቀኝም፤ በገዛ እጄ።"