በወንድሜ ሳሎን የሰጠሙ መርከቦች

በዚያ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ቂርቆስ፣ ወንድሜ ሳሎን ውስጥ የነበርነው ስድስት ሰዎች ነን። ሦስቱ ሽማግሌዎች ሦስት ባዶ ወንበሮችን ከኋላቸው አድርገው በግድግዳው በኩል ቆመዋል፦ ከመግቢያው በር ወገን ጎማ ነጋዴው፣ መሐል ላይ ጡረታ የወጡት የታሪክ መምህር፣ ከቡፌው አጠገብ ቄሱ። ቄሱ አንድ እጃቸውን ቡፌው ላይ ጣል አድርገዋል፤ ተደገፉ እንዳይባሉ ጣታቸውን ብቻ። ወንድሜ ፊት ለፊታቸው፣ በጥልፍ ጨርቅ ከተሸፈነው ቴሌቪዥን ጎን፣ እጆቹን ወደ ኋላ አጣምሮ ቆሟል። ሚስቱ የጓዳው በር ላይ ናት፤ ግማሽ አካሏ ጓዳ፣ ግማሹ ሳሎን። እኔ መስኮቱ ሥር ነኝ። የተቀመጠ ሰው አልነበረም። ይህ ሁሉ ሰው የቆመላት ልጅ ካዛንቺስ፣ እኔ ቤት ሆና መልስ ትጠብቃለች።

ለምን እንደቆምን ላስረዳ። በአባቴ ቤት ደንብ፣ ልጅ ሊጠይቅ የመጣ ሽማግሌ ቆሞ ይናገራል። ባለቤቱ «ተቀመጡ» ካለ ልጅቷን ሰጠ ማለት ነው፤ ሌላ ቃል አያስፈልግም። ካላለ ሽማግሌዎቹ እጅ ነስተው ይወጡና በሌላ ቀን ይመለሳሉ። ሌላ ቤት እንግዳን «ተቀመጡ» ማለት አክብሮት ነው፤ እኛ ቤት ፊርማ ነው። አባቴ ሲሞት ይህን ደንብ ለወንድሜ ትቶለት ሄደ። ከዚህ ሌላ ብዙም የተወለት ነገር የለም።

እኔን ሊጠይቁ የመጡትን ሽማግሌዎች አባቴ ሁለት ጊዜ አቁሞ መለሳቸው። ሦስተኛ አልመጡም። ነገሩን የማነሳው ያ እሑድ ለልጅቷ ሁለተኛው ቀን ስለ ነበረ ብቻ ነው።

ልጅቷ የሟች እህታችን ልጅ ናት፤ ከስድስት ዓመቷ ጀምሮ እኔ ጋ ነው ያደገችው። ልጁ ደምበል አጠገብ ኮምፒውተር ይጠግናል። ቤተሰቦቹ ላንቻ ይኖራሉ፤ ጎማ ነጋዴው አጎቱ ነው። ያን ዕለት ጠዋት ከቤት ስወጣ ልጅቷ በር ላይ ቆማ፣ «እማማ፣ ዛሬም ቆመው ከተመለሱ ማዘጋጃ ቤት ሄደን እንፈርማለን። በቃ» አለችኝ። ታደርገዋለች። ወንድሜም ከዚያ በኋላ ደጇን አይረግጥም። ሁለቱንም እኔ ስለማውቃቸው፣ ምሳ እንኳ ሳልሠራ ተጣድፌ ነው የወጣሁት።

የመጀመሪያው ቀን ከዚያ ሁለት ሳምንት በፊት ነበር። ያኔ የሆነውን ለመረዳት ወንድሜን ማወቅ ያስፈልጋል።

ወንድሜ ባሕር ኃይል ነበር። ይህን ሲሰማ ሰው ሁሉ ነጭ ዩኒፎርም ለብሶ መርከብ አናት ላይ የቆመ ሰው ይታየዋል። እሱ የሞተር ክፍል ሠራተኛ ስለ ነበረ ባሕሩን የሚያውቀው ከሥሩ ነው። አንድ ዓመት ተኩል ሩሲያ ተልኮ ሞተር ተምሮ መጣ፤ ከዚያ ወዲህ ስለ ሩሲያ ክፉ የሚናገር ሰው ስለ አማቶቹ የተናገረ ያህል ይቆጥረዋል። አገሪቱ ባሕሯን ስታጣ እሱም ቂርቆስ ገብቶ የወፍጮ ሞተርና ጄኔሬተር መጠገን ጀመረ። ሩሲያኛውን የሚናገረው አልነሳ ላለ ሞተር ብቻ ነው። ምን እንደሚለው ባይተረጎም ይሻላል።

መምህሩ የቤቱ ባለቤት የቀድሞ ባሕር ኃይል መሆኑን ከጎረቤት ሰምተዋል። ደግ ሰው ናቸው፤ ሊያስደስቱት ፈለጉ። ሳምንቱን ሙሉ የድሮ ደብተራቸውን ሲያገላብጡ ከርመው መጡና፣ ከሰላምታው በኋላ ጉሮሯቸውን አጥርተው ጀመሩ።

«ጌታዬ፣ እርስዎ የባሕር ሰው ነዎት። የዛሬ መቶ ዓመት ገደማ የሩሲያ የጦር መርከቦች ግማሽ ዓለም ዞረው ጃፓን ደጃፍ ሲደርሱ፣ ቱሺማ ላይ በአንድ ከሰዓት በኋላ እንደ ድንጋይ ሰጠሙ። የእኛ ልጅ እንደነሱ አይደለም። እርስዎ ደጃፍ የደረሰው ተዘጋጅቶ ነው።»

ጥሩ ንግግር ነበር፤ ለሌላ ሰው ቢሆን።

«እንደ ድንጋይ?» አለ ወንድሜ።

«እንደ ድንጋይ» አሉ መምህሩ፣ የወደደላቸው መስሏቸው።

«ለምን እንደሰጠሙ ያውቃሉ?»

«ስላልሠለጠኑ ነዋ። ጃፓኖቹ ተኩስ ሲለማመዱ እነሱ...»

«ሰባት ወር ሙሉ የድንጋይ ከሰል በአካፋ ሲዝቅ የከረመ ሰው መቼ ይለማመድ?»

ስለዚያ ጦርነት የማውቀውን ሁሉ ያን ቀን ቆሜ ነው የተማርኩት። መርከቦቹ ገና ጉዟቸውን ሲጀምሩ እንግሊዝ አገር አጠገብ ዓሣ አጥማጆችን አግኝተው፣ የጃፓን ጦር መስሏቸው ተኮሱባቸው። «እንግሊዝ የት፣ ጃፓን የት?» አሉ መምህሩ። ወንድሜ፣ «ጨለማ ነበር፤ ጉምም ነበር» አለ፣ እዚያ የነበረ ይመስል። ማዳጋስካር ሲደርሱ ደግሞ መርከበኞቹ በቀቀንና እስስት እየገዙ መርከቡ ላይ ጫኑ።

«ይህ የጦር ሠራዊት ነው ወይስ የአራዊት ማቆያ?» አሉ መምህሩ።

«ስንት ወር ወደብ ላይ ተገትረህ ምን ትገዛለህ? ቀለበት?»

ጎማ ነጋዴው በዚህ መሐል፣ «ጋሼ፣ ማለቴ፣ እኛ እንኳ የመጣነው ለልጁ ጉዳይ...» ሊል ሞከረ። የሰማው የለም። ቄሱ ወንበሮቹን ያዩ ነበር። ከአንድ ሰዓት ተኩል በኋላ ሽማግሌዎቹ እጅ ነስተው ወጡ። የሩሲያ መርከቦች አልቀዋል፤ ልጅቷ ግን አልተጠየቀችም።

እነሱ ከወጡ በኋላ ወንድሜን፣ «ስለ ልጅቷ ምን አሰብክ?» አልኩት።

«መጀመሪያ የከሰሉን ነገር ይመኑ።»

«አንተ የናፍጣ ሠራተኛ ነህ። ከሰል ምን አገባህ?»

«አይገባሽም፣ እትዬ» አለኝ። «ሲያሸንፉ ያሸነፈው አድሚራሉ ነው። ሲሸነፉ ጥፋቱ የሞተር ክፍል ይሆናል።»

እሱ የነበረባት መርከብ ምፅዋ ላይ ስትመታ እሱ ታች ነበር። ከዚህ በላይ ነግሮኝ አያውቅም፤ እኔም ጠይቄው አላውቅም። ያን ቀንም አልጠየቅሁትም። ለመምህሩ ግን በጎማ ነጋዴው በኩል መልእክት ላክሁ፦ በሁለተኛው ቀን መርከብ የሚባል ነገር አይነሳ፤ ጀልባም ቢሆን።

መምህሩ ቃላቸውን ጠበቁ። ያን እሑድ ሲናገሩ ስለ ልጁ ጠባይና ሥራ ወዳድነት፣ ስለ ቤተሰቡ ብቻ አወሩ። ውኃ የሚባል ቃል እንኳ ከአፋቸው አልወጣም። «እንግዲህ ልጅዎን ለልጃችን ብለን ቆመናል» ብለው ጨረሱ። ይህን ያህል ካልን ሊያልፍልን ነው ብዬ ነበር። ወንድሜ ግን ሁለቱን ሳምንት ሲዘጋጅ ነው የከረመው።

«ከየት ነው የመጣችሁት?» አለ።

«ከላንቻ፣ ጋሼ» አለ ጎማ ነጋዴው።

«በምን?»

«በእግር። የኔ መኪና ጋራዥ ገብታለች።»

«ምኗን ሆና?»

«ጎማ» አለ ነጋዴው ቀስ ብሎ።

ወንድሜ ፊቱ በራ። ወደ ቄሱ ዞረ። «አባታችን፣ እርስዎስ ከመቼ ጀምሮ ቆመዋል?»

«ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት ጀምሮ፣ ልጄ። ማሕሌት ነበር፣ ቅዳሴም ነበር።»

«እህል ቀምሰዋል?»

«መች ደርሼ።»

«እንግዲያው የሩሲያ መርከቦች እናንተ ናችሁ» አለ ወንድሜ። «ፊታችሁን ወደ ቡፌው አዙሩ።»

ሽማግሌ እንዲህ ሲባል አይቼ አላውቅም። ግን ልጅ የሚጠይቅ ሰው እምቢ የማለት አቅም የለውም። ሦስቱም ወደ ቡፌው ዞሩና አንዱ ካንዱ ኋላ ሆኑ፤ ከፊት ቄሱ፣ ቀጥለው መምህሩ፣ መጨረሻ ላይ ነጋዴው የመኪና ቁልፉን ጨብጦ። መኪናዋ ባትኖርም ቁልፉን ይዞ ነው የመጣው።

«አባታችን የአድሚራሉ መርከብ ነዎት። እኔ ጃፓን ነኝ።» ወንድሜ ከቴሌቪዥኑ ተነስቶ ሳሎኑን አቋርጦ በፊታቸው ሊያልፍ ሲል መምህሩ አላስቻላቸውም።

«ጃፓኖቹ እኮ የተጠመዘዙት ወደ ግራ ነው።»

አየኋቸው። አንገታቸውን ደፉ።

«ወደ ግራ ከሆነ ወደ ግራ» አለ ወንድሜ። ተመለሰና እንደገና ጀመረ፤ ተጠምዝዞ ቄሱ ፊት ለፊት ቡፌው ሥር ቆመ። «ይኸው መንገዳችሁን ዘጋሁት። የእኔ መድፍ በሙሉ እናንተ ላይ ነው። ከእናንተ ግን ደኅና አድርጎ የሚያየኝ የፊተኛው ብቻ ነው። መምህር፣ እስቲ ቀኝ እጅዎን ወደኔ ያንሱ፤ መድፍ ነው።»

መምህሩ በቄሱ ትከሻ ላይ አሻግረው እጃቸውን ዘረጉ። ወንድሜ ዝም ብሎ ያይ ጀመር። ብዙ ቆየ። የመምህሩ እጅ መንቀጥቀጥ ጀመረ።

«ለምን ይንቀጠቀጣል? ስላልሠለጠኑ ነው?»

«አይ» አሉ መምህሩ። «ደክሞኝ ነው።»

«ደክሞኝ ነው አሉ። ሁላችሁም ሰምታችኋል።»

ሁለት ሳምንት የጠበቀው ይህንን ነው። እጁን ከኋላው ፈታ፤ ድምፁም ከፍ አለ። አንድ ነገር ከተሳካለት ማቆም አያውቅም፤ ከልጅነቱም እንደዚያ ነው። «አሁን ተኩስ። መጀመሪያ የሰጠመችው የአድሚራሉ መርከብ አይደለችም። ከኋላ የነበረችው፣ ባለ ሦስት ጭስ ማውጫዋ ናት። ያቺ አንተ ነህ» አለና ነጋዴውን ጠቆመው። «ሰጠምክ። ተቀመጥ።»

የወንድሜ ሚስት ጓዳው በር ላይ እንዳለች ደርቃ ቀረች። ነጋዴው መጀመሪያ መምህሩን፣ ቀጥሎ እኔን አየ። ደንባችንን ያውቃል፤ በጉዳዩ የሚመጣ ሰው ሁሉ አስቀድሞ ይነገረዋል። እኔ ወደ መስኮቱ ዞርኩ።

«ልቀመጥ፣ ጋሼ?»

«ሰጥሞ የሚቆም መርከብ አይተህ ታውቃለህ?»

ወንበሩ ሲንቋቋ ሰማሁ።

«እርስዎም ሰጥመዋል፣ መምህር። ይቀመጡ።»

«እኔ ገና አንድ መድፍ...»

ሳልኩ። መምህሩ ተቀመጡ።

ቄሱ ብቻቸውን ቡፌው ፊት ቀሩ። «እኔስ፣ ልጄ? እኔ መቼ ነው የምሰጥመው?»

«የአድሚራሉ መርከብ በእሳት ተያይዛም እስከ ማታ አልሰጠመችም፣ አባታችን።»

«እስከ ማታ?» አሉ ቄሱ። ወንድሜ በዚህ ነገር ታሪክ የሚያዛባ ሰው አይደለም። ቄስ መሆናቸውም፣ መጾማቸውም አይለውጠውም። ሁለት ሽማግሌ ተቀምጦ አንዱ ከቆመ ደግሞ በአባቴ ደንብ ምን እንደሚባል አላውቅም፤ ገጥሞን አያውቅም።

መምህሩ ከወንበራቸው ላይ ሆነው፣ በጣም ቀስ ብለው፣ «አድሚራሉን ግን ከዚያ በፊት አውጥተውታል» አሉ። «ቆስሎ ነበር። ወደ ትንሽ መርከብ ነው ያዛወሩት።»

ወንድሜ አሰበ። «እሱስ እውነት ነው» አለ። «እንግዲያው ይቀመጡ፣ አባታችን።»

ቄሱ እስኪደግመው አልጠበቁም።

ሦስቱም ወንበር ተይዟል። ወንድሜ ባዶውን ወለል እያየ ቡፌው ሥር ብቻውን ቆሟል፤ ባሕሩ ላይ ከእሱ ሌላ መርከብ የለም።

«ተቀመጡ ያልከው አንተ ነህ» አልኩት። «ሦስቱንም።»

ዞሮ አየኝ። «መርከቦቹን ነው እኮ ያልኩት።»

«እኔም ሰምቻለሁ» አለች ሚስቱ። «ሦስት ጊዜ።»

ወንድሜ ወንበሮቹን በተራ አየ። ተነሱ ሊላቸው ይችል ነበር። ቤቱ የሱ ነው፣ ደንቡም የሱ ነው፤ ቢላቸው ይነሳሉ። ቄሱ አንድ ጫማቸውን አውልቀዋል። ነጋዴው ቁልፉን ኪሱ ውስጥ ከቷል። መምህሩ ብቻ ጉልበታቸውን ይዘው አቀርቅረው ነበር፤ ቀና አሉ።

«ጌታዬ፣ ባለፈው የተናገርኩት ልክ አልነበረም» አሉ። «የታች ሰዎች ጥፋት አይደለም። እነሱ መርከቡን እዚያ ድረስ አድርሰውታል።»

ወንድሜ ወደ ቴሌቪዥኑ ሄዶ የጥልፉን ጨርቅ አስተካከለ፤ የተዛባ ነገር አልነበረውም። እንደገና ሌላውን ጫፍ አስተካከለ።

«ልጁ ሞተር ይችላል?» አለ፣ ጀርባውን እንደሰጠን።

«ኮምፒውተር ነው የሚሠራው፣ ጋሼ» አለ ነጋዴው።

«ይማራል።»

ከዚያ ጓዳ ገብቶ ለራሱ አራተኛ ወንበር ይዞ መጣ፤ ከመምህሩ ጎን አስቀመጠውና ተቀመጠ። የማዳጋስካሩ በቀቀን ዋጋው ስንት እንደ ነበር ጠየቃቸው።

እኔ አልተቀመጥኩም። ነጠላዬን ትከሻዬ ላይ አስተካከልኩ፣ ጃንጥላዬን ከበሩ ኋላ አነሳሁና ወደ ካዛንቺስ ወጣሁ።