ጋረደው የሞተበት ፊልም

ዘማርያም ፊልም ሠሪ ከመሆኑ በፊት ሱዳን፣ ገዳሪፍ ለምንኖር ሐበሾች የሰርግ ዜማ ደራሲ ነበር። ዘፋኞቹ ዜማውን ይወስዳሉ፣ ግጥሙን እንዳሻቸው ይቆራርጣሉ፣ ጭብጨባውንም ይጠቀልሉታል። እሱ ኪቦርዱ ጀርባ ሆኖ ጥርሱን ይነክሳል። አንድ ቀን ቢመረው ኪቦርዱን ሸጦ አሮጌ ካሜራ ገዛ።

«ከላስ! በቃኝ! ከእንግዲህ የጀመርሁትን ራሴ እጨርሳለሁ» አለ።

ለእንጀራው ሲል ሰርግና ቀብር ይቀርጽ ጀመር። እዚህ በስደት ሰው ሲሞት፣ ቀብሩ ተቀርጾ አገር ቤት ላሉ ወላጆች ይላካል፤ እነሱም አይተው እርማቸውን ያወጣሉ።

የመጀመሪያ ፊልሙን በ1999 ዓ.ም. ፋሽጋ፣ ሰሊጥ እርሻ ላይ ሠራን። «ሠራን» የምለው ካሜራውን የያዝሁት እኔ ስለሆንሁ ነው። ታሪኩ አጨዳ ላይ ታሞ ስለሚሞት የቀን ሠራተኛ ነው። ሟቹን ሆኖ የተጫወተው ጋረደው ራሱም ሰሊጥ አጫጅ ነበር፤ መተማ ያለች እናቱን ካያት ዓመታት አልፈዋል። በጽሑፉ የሟቹ ስም ካሣ ነው። ሙሾው ላይ ስንደርስ ግን ዘማርያም ፊቱን አጨማደደ።

«ካሣ አጠረብኝ፤ ዜማው መሃል ላይ ይሰበራል።»

አልቃሿ በካሣ ፈንታ «ጋረደው፣ ጋረደው» ስትል ዜማው ቁጭ አለለት። የደራሲ ጆሮ ነዋ! እኛም እንደዚያው ቀረጽነው።

ሲዲው ድንበር ተሻግሮ መተማ ገባ። የጋረደው እናት እትየ ወርቅውሃ ጎረቤት ቤት ጎራ ብትል ቴሌቪዥኑ ላይ ልጇ ተገንዞ ተኝቷል፤ በስሙ እየተጠራም ይለቀስለታል። ምኑን ትጠራጠር? ድንኳን አስተከለች፣ ጥቁር ለበሰች።

ወሬው ሲደርሰን የዘማርያም ፊት አመድ መሰለ። ወዲያው ደወልን። ጋረደው «እምየ፣ እኔ ነኝ፣ አለሁ» ቢላት «በሐዘንተኛ አይቀለድም!» ብላ ዘጋችበት። በነጋታው ሦስታችንም ድንበሩ ላይ ወዳለችው ገላባት በሚሄደው አውቶቡስ ተሳፈርን። ዘማርያም መንገዱን ሙሉ የተናገረው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ «የሆነ ነገር ከሆነች ሁለተኛ ካሜራ አልነካም።»

መተማ ተሻግረን ድንኳኑ በር ላይ ስንደርስ ለቀስተኛው ጮኸ። እትየ ወርቅውሃ አልጮኸችም። ተነሥታ የልጇን ፊት ዳሰሰች፤ በልጅነቱ የተፈነከተበትን ጠባሳ በጣቷ ፈለገች። ስታገኘው አንገቱ ላይ ተጠመጠመች። ደግፈን አስቀመጥናት። ከዚያማ እልልታው! ለሐዘን የተቀቀለው ንፍሮ በሳቅ ተበላ። እኔም አለቀስሁ፣ ደስ ብሎኝ።

ዘማርያም እግሯ ላይ ሊወድቅ ሲል ትከሻውን ያዘችው።

«ገዳዩ አንተ ነህ?»

«እኔ ነኝ፣ እናቴ። ይቅር ይበሉኝ።»

«በል ከመጀመሪያው አሳየኝ።»

ጎረቤት ቤት ገብተን ፊልሙን ከፈትንላት። ጋረደውን ጎኗ አስቀምጣ፣ እጁን ጭብጥ አድርጋ አየች። ሙሾው ሲጀምር እንባዋ ዱብ ዱብ አለ። ዘማርያም ደንግጦ ሊያጠፋው ተነሣ።

«እምየ፣ ኧረ ይኸው አጠገብሽ ነኝ!» አላት ጋረደው።

እጁን ሳትለቅ፣ ዓይኗንም ከቴሌቪዥኑ ሳትነቅል፣

«ዝም በል አንተ!» አለችው፤ «ላልቅስልህ።»