የጎረቤቷን ሚና የመረጡት ተዋናይት

ዶሪን ፓስኮ አሮጊት ሆነው መጫወት የጀመሩት ገና በሃያዎቹ ዕድሜ ሳሉ ነው። ድምፃቸው ጎርነን፣ ፊታቸው ሰፋ ያለ ስለነበር፣ እንግሊዝ አገር ከከተማ ከተማ የሚዞር አንድ የቲያትር ቡድን የቤት አከራይቱን ሚና ሰጣቸው። ከዚያ ወዲያ አከራይ፣ ነርስ፣ አማት፣ የቄስ ሚስት ሆነው ኖሩ። ቴሌቪዥን ሲመጣም ያው ነበር፤ ሬሳውን ቀድማ አይታ የምትጮኸው ጎረቤት እሳቸው ናቸው። ሰው መንገድ ላይ ያስቆማቸውና፣ «የት ነው የማውቅዎት? ባንክ ነው የሚሠሩት?» ይላቸዋል። እሳቸውም «አዎ» ብለው ያልፋሉ።

መሐንዲሱ ባለቤታቸው ስዊዘርላንድ፣ ጄኔቫ ውስጥ ሥራ ሲያገኙ አብረው መጡና ካሩዥ በሚባል ሰፈር ትራም በሥሩ የሚያልፍ ቤት ተከራዩ። ባላቸው በፈረንጆቹ 1992 ሲሞቱ ዘመዶች ወደ ለንደን ተመለሺ ብለው ወተወቷቸው። ዳቦ ሻጩም ሥጋ ሻጩም በስማቸው የሚጠራቸውን ሰፈር ትተው መሄድ ግን አላሰኛቸውም።

ትርንጎ ቤታቸው መሥራት የጀመረችው በዚያ ሰሞን ነው። ከኢትዮጵያ የመጣችው እዚያው አቅራቢያ ላንሲ በሚኖሩ ዲፕሎማት ቤት ተቀጥራ ነበር፤ ሰውዬው ሲዛወሩ ወረቀቷን አስተካክላ ቀረች። ግማሽ ቀን እየመጣች ታጸዳለች፣ ታበስላለች፤ እሑድ እሑድ ጸሎት ቤቷ ትሄዳለች። ቲያትር የሚባል ነገር አይታ አታውቅም።

በ1996 መጸው ዙሪክ ያለ አንድ በእንግሊዝኛ የሚጫወት አነስተኛ ቡድን ለዶሪን ደወለላቸው። ተውኔቱ ቤቷን አልሸጥም ያለች መበለት ታሪክ ነው። መበለቷን እንዲሆኑ ጠየቋቸው። በዕድሜያቸው ለመጀመሪያ ጊዜ ዋና ሚና አገኙ፤ ደስ ብሏቸው እሺ አሉ።

ልምምዱ እየገፋ ሲሄድ ግን ደስታው ቀዘቀዘ። አንድ ቀን ወጥ ቤት ተቀምጠው ቃለ ተውኔታቸውን ሲያነበንቡ ትርንጎ ሳህናቸውን አየች።

«ማዳም፣ ዛሬም ምሳዎን አልነኩትም።»

«ይቺ መበለት አላስበላ አለችኝ።»

«መሸምደዱ ከበደዎት?»

«እሱስ አልከበደኝም። ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ መድረኩ ላይ ናት፤ ሰው ሁሉ እሷን ነው የሚያየው። እኔ ደግሞ ዳር ቆሜ ሌላውን ማየት ነው የለመድኩት።»

«ታዲያ የሚወዱትን ሚና ለምን አይጠይቋቸውም?»

«ዋና ሚና ይህን ሁሉ ዓመት ስጠብቅ ኖሬ?»

«እውነት ይጠብቁት ነበር?» አለች ትርንጎ፣ ካሮቷን መክተፏን ሳታቋርጥ።

ዶሪን በወጣትነታቸው ይጠብቁት ነበር። መቼ እንደተዉት ግን ትዝ አላላቸውም።

በማግስቱ በባቡር ዙሪክ ሄደው፣ ሽንኩርት ልበደር ብላ መበለቷ ቤት ገብታ የሰው ወሬ የምታዳምጠውን ጎረቤት መጫወት እንደሚፈልጉ ለአዘጋጁ ነገሩት።

«እሷ እኮ ሁለት ጊዜ ብቻ ነው የምትገባው» አላቸው ወጣቱ አዘጋጅ።

«ይበቃኛል» አሉት። እሱም የመበለቷን ሚና ጎረቤቷን ልትጫወት ለነበረችው ተዋናይት ሰጣት።

ትርንጎ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ የነበረውን ትርኢት ለማየት ዙሪክ ወረደች። እንግሊዝኛው ብዙም አልገባትም። ያቺ ጎባጣ ጎረቤት ነጠላ ጫማዋን እየጎተተች ስትገባ ግን እንባዋ እስኪመጣ ሳቀች።

ሲመለሱ ባቡር ውስጥ፣ «ማዳም፣ እርስዎ መሆንዎን እኮ ረስቼው ነበር» አለቻቸው። «አገር ቤት ሰፈራችን የነበረችውን አበባየሁን መሰሉኝ። እሷም እንዲሁ ልበደር ብላ ገብታ የሰው ድስት ትከፍታለች።»

ዶሪን ፊታቸው በራ። «እንዴት አድርጋ ነው የምትከፍተው?»

ትርንጎ ተነሥታ አሳየቻቸው፤ ወሬውን ሳታቋርጥ፣ ዓይኗን ከሰዉ ሳትነቅል፣ በሁለት ጣት ክዳኑን ብድግ። ተሳፋሪው ዞሮ አያቸው። ዶሪንም ተነሡና ሞከሩት። በሚቀጥለው ቅዳሜ መድረኩ ላይ የመበለቷን ድስት ክዳን እንደዚያ ሲያነሡ አዳራሹ በሳቅ ተናጋ።

ከቡድኑ ጋር እስከ 1999 ሠሩ፤ ሁሌም ትንንሹን ሚና እየመረጡ። ጉልበታቸው የመድረኩን ደረጃ እምቢ ሲል ተዉት፤ ብዙም አልከፋቸውም። ቅዳሜ ጠዋት ከትርንጎ ጋር ፕላንፓሌ፣ አሮጌ ዕቃ የሚሸጥበት አደባባይ፣ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠው የአላፊ አግዳሚውን አረማመድ ያያሉ። አንዳንዴ አረማመዱ ደስ የሚላቸውን ሰው ሲያዩ ትርንጎን በክርናቸው ነካ ያደርጓታል።