የአጎቴ የበዕውቀቱ ጣት

አጎቴ በዕውቀቱ የተቀበሩ ቀን፣ ከአዲስ አበባ የመጣ ኮት የለበሰ ሰው የሕይወት ታሪካቸውን ከወረቀት አነበበ። ግሼ ራቤል ተወለዱ፣ ዜማ ተማሩ፣ አዲስ አበባ ገብተው ሙዚቀኛ ሆኑ፣ ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ የሙዚቃ ጓድ መሩ፣ የአገራችንን ዜማ ለፈረንጅ የሙዚቃ መሣሪያ አስማምተው ጻፉ። እስከዚህ ድረስ ልክ ነው፤ እኔም ራሴን እየነቀነቅኩ አዳመጥኩ። ሰውየው ቀጠለና፣ «በጠላት ዘመንም መሐል ሜዳ ገበያ ላይ፣ በረቀቀ የሙዚቃ ጥበባቸው አንዱን ድምፅ አስቀርተው የሁለት መቶ አርበኛ ነፍስ አተረፉ» አለ። ለቀስተኛው ሁሉ ከንፈሩን መጠጠ።

«ኧረ ወዲያ!» አልኩ። ጮክ ብዬ ነው ያልኩት፤ አጠገቤ የተቀመጠችው ሴት በክርኗ ጎሸም አደረገችኝ። እኔ አማከለች ነኝ፣ የእህታቸው ልጅ። ያ ቀረ የተባለው ድምፅ ደግሞ የባሌ ነው። ስለዚህ ወረቀቱ የማያውቀውን እኔ ልናገር።

አያቴ የግሼ ራቤል ደብር መሪጌታ ነበሩ። አጎቴም ከሳቸው ዜማ ተማሩ፤ ከፊደሉ በላይ የሚጻፈውን የዜማ ምልክት እንደ ደብዳቤ ያነቡት ነበር ይባላል። ሃያ ዓመት ሲሞላቸው ግን ድቁናውን ትተው አዲስ አበባ ሄዱና ጥሩምባ ነፊ ሆኑ። አያቴ አንድ ዓመት ሙሉ ስማቸውን አልጠሩም። እዚያ አንድ ነጭ አስተማሪ ኖታ ሲያስተምር፣ ሌላው ሁለት ዓመት የፈጀበትን እሳቸው በአንድ ክረምት ጨረሱት። «ምልክት ያው ምልክት ነው፤ ምኑ ይገርማል?» ይሉ ነበር። ቆይቶም ቀጭን እንጨት ይዘው ከሰላሳ ሰው ፊት የሚቆሙት እሳቸው ሆኑ።

በ፲፱፻፳፰ ዓመተ ምሕረት ጣሊያን አዲስ አበባ ሲገባ ሙዚቀኛው ሁሉ ተበተነ። አጎቴ በእግራቸው ተጉዘው መሐል ሜዳ እናቴ ቤት ደረሱ። የያዙት በመስመር የተሞላ ወረቀትና ያንን እንጨት ብቻ ነበር። እናቴ እንጨቱን አገላብጣ አየችና፣ «አሥር ዓመት ቆይተህ ያመጣኸው ይኼን ነው? እንጨትስ እዚህም አለ» አለቻቸው። ሳቁ። እኛም ሳቅን።

በዚያ ወቅት የአገሩ ጌታ ፊታውራሪ ዓምደ ሚካኤል ነበሩ። አጎቴን አስጠሩና እምቢልታ ነፊዎቻቸውን ሰጧቸው። በዚያን ጊዜ እምቢልታ የፈለገ ሁሉ የሚያስነፋው ነገር አልነበረም። እምቢልታ እየተነፋለት ገበያ የገባ ሰው የአገሩ ጌታ እሱ ነው ማለት ነው፤ ሌላ አዋጅ አያስፈልገውም። ነፊዎቹ ሦስት ናቸው፤ አንዱ ወፍራሙን፣ አንዱ መካከለኛውን፣ አንዱ ቀጭኑን ይይዛል። እንደ ዋሽንት ጣት የሚለዋወጥበት ቀዳዳ የለውም። እያንዳንዱ ያለው አንድ ድምፅ ነው፤ ዜማ የሚሆነው ሦስቱ ሲቀባበሉ ነው። አንዱ ከጎደለ ጥርሱ የወለቀ አፍ ይመስላል።

ወፍራሙን ቅጣው የሚባል ዝምተኛ ሰው ይነፋል፣ ቀጭኑን ፈለቀ። መካከለኛው የገብረ ሥላሴ ነበር። ገብረ ሥላሴ ያኔ ገና ባሌ አልነበረም፤ እኔ አንዱን አግብቼ፣ ፈትቼ፣ እናቴ ቤት ነበርኩ። ለልምምድ ሲመላለስ ነው የተያየነው። አጎቴ «እጄን ትቶ አንቺን ነው የሚያየው፤ ወደ ጓዳ ግቢ!» እያሉ ይቆጡኝ ነበር። ኋላ ሠርጉን የደገሱልን ራሳቸው ናቸው።

አጎቴ ሦስቱን ፊት ለፊት አቁመው ይመሯቸው ጀመር። የገበያ ሰው መዝናኛ አገኘ፤ «ለሦስት ሰው አንድ አዛዥ!» እያለ ተሳለቀባቸው። በሳቁ ብዛት እንጨቱን ተዉትና በአመልካች ጣታቸው ብቻ ይጠሯቸው ጀመር። ሕጋቸው አንድ ነበር። «ጣቴ ሳይጠራችሁ ትንፋሽ እንዳታወጡ። ከጠራችሁ ደግሞ ቤታችሁ እየተቃጠለም ቢሆን ንፉ።» ገብረ ሥላሴ ከሁሉም ይበልጥ ይህን ሕግ ያከብር ነበር። እቤት ውስጥ እንኳ እንጀራ ቀርቦ ጣቴን ካላነሣሁለት አይበላም፤ ሊያስቀኝ ነው።

አጎቴ ለፊታውራሪ መግቢያ የሚሆን አዲስ ዜማ አስማሙ። በዚያ ዜማ ውስጥ ሦስት ቦታ ላይ ወፍራሙና ቀጭኑ ዝም ይላሉ፤ መካከለኛው እዚያ ላይ ብቻ፣ ያውም ብቻውን ይሰማል። ያን ዜማ መንዝ በሙሉ አወቀው። ሲነፋ ማንም ቀና ብሎ ሳያይ ፊታውራሪ መግባታቸውን ያውቃል።

ቆይቶ ጣሊያን መሐል ሜዳ ላይ ሰፈሩን ሠራ። ፊታውራሪም ሸፈቱ። ከመሄዳቸው በፊት ለታማኞቻቸውና ለነፊዎቹ አንድ ትእዛዝ ሰጡ። «ያ ዜማ ከእንግዲህ የሚነፋው እኔ መሐል ሜዳን ይዤ ስገባ ብቻ ነው። የትም ብትሆኑ፣ በሰማችሁ ለት ከተማው የኛ ነውና ውረዱ።» ከዚያ በኋላ እሳቸው ወደ መርሐቤቴ ወረዱ፤ ሁለት መቶ የሚሆን ሰው ደግሞ ከመሐል ሜዳ በላይ ጓሳ በሚባለው የሣር ጋራ ውስጥ ቀረ። የቅጣው ሁለት ወንዶች ልጆች እዚያ ነበሩ። ጓሳ ያለው ሰው ጋራው ላይ አዳማጭ አቁሞ፣ ያን ዜማ ሲጠብቅ ሁለት ዓመት ከረመ።

በ፲፱፻፴፩ ጥር ላይ ገብረ ሥላሴ ገብስ በያዘ ስልቻ ውስጥ ጥይት ደብቆ ወደ ጓሳ ሲወጣ ተያዘ። እንደሚረሸን ነገሩን። የሰፈሩ አዛዥ አንድ ካፒቴን ነው፤ አስተርጓሚው አፈወርቅ ደግሞ ቀድሞ የፊታውራሪ ጸሐፊ የነበረ የኛው አገር ሰው። ይህ አፈወርቅ ለካፒቴኑ፣ «የመንዝ ሰው ጌታው የሚለው ያ ዜማ የተነፋለትን ነው» ብሎ ነገረው። ዜማውን አሳምሮ ያውቃል፤ ፊታውራሪ ሲሸፍቱ የሰጡትን ትእዛዝ ግን አያውቅም።

ካፒቴኑ አጎቴን አስጠርቶ ቁርጡን ነገራቸው። ቅዳሜ በበቅሎ ገበያ ሲገባ ያ ዜማ ይነፋለት። ሦስቱም ይንፉ፤ ገብረ ሥላሴም ከእስር ወጥቶ ይንፋ። በደንብ ከተነፋ ገብረ ሥላሴ ነጻ ነው። ካልተነፋ ወይም ከተበላሸ እሑድ ጠዋት ይረሸናል።

አጎቴ የዚያኑ ዕለት አንድ ዘመዳችንን ወደ ጓሳ ላኩ፤ ዜማው ቢሰማ ውሸት ነው፣ እንዳትወርዱ እንዲል። ዘመዳችን አርብ ማታ ተመለሰ። መንገዱ ሁሉ በአስካሪ፣ በጣሊያን ቅጥር ወታደር ተይዟል፣ ማለፍ አልቻለም። እንግዲህ ዜማው ከተነፋ ጓሳ ያለው ሰው እየፎከረ መትረየስ ላይ ይወርዳል። ካልተነፋ ባሌ ይሞታል።

እኔ ድንጋይ ማጅራቴ ላይ ተሸክሜ አጎቴ ደጅ ተንበረከክሁ። በአገራችን እንዲህ ሆኖ የመጣ ለማኝ ዝም አይባልም።

«ጋሼ፣ ይንፉልኝ።»

«አማከለች፣ ጓሳ ውስጥ ሁለት መቶ ሰው አለ።»

«እኔ ሁለት መቶ ባል የለኝም።»

«የቅጣው ልጆች አሉ።»

«ቅጣው ይማረኝ! እኔ ምን ላርግ?»

አጎቴ ተነሡ። ከዚያ ድንጋዩን ከማጅራቴ ላይ በሁለት እጃቸው አነሡና ከደጁ ጥግ አስቀመጡት። «እሺ፣ ለገብረ ሥላሴ ጣቴን አነሣለታለሁ» አሉ። ቅጣውን ምን ብለው እንዳስማሙት እስከ ዛሬ አላውቅም፤ ቅዳሜ ጠዋት እምቢልታውን ይዞ መጣ።

ገበያው እንደ ሌላው ቅዳሜ ነበር፤ በጉ፣ ገብሱ፣ የሱፍ ባናው፣ ሁሉም በየቦታው። መትረየሱ ብቻ ነው አዲስ። ገብረ ሥላሴን አምጥተው በቅጣውና በፈለቀ መካከል አቆሙት። ከስቷል፣ ጺሙ አድጓል። እኔ ከአጎቴ ጀርባ ነበርኩ። አጎቴ ጥቁር በርኖሳቸውን ደርበዋል፤ እጃቸው ከበርኖሱ ወዲያ ነውና አይታየኝም። የሚታየኝ የባሌ ፊት ነው። እሱ ግን እኔን አያይም፤ ዓይኑ የአጎቴ እጅ ላይ ነው።

ካፒቴኑ በበቅሎው ብቅ አለ። ወፍራሙ ተነፋ፣ ቀጭኑ ተቀበለ። መካከለኛው ብቻውን የሚሰማበት ቦታ ደረሰ። ምንም የለም። ገብረ ሥላሴ እምቢልታውን ከንፈሩ ላይ አድርጓል፣ ጉንጩ ግን አልተነፋም። ነፋስና የበግ ድምፅ ብቻ ተሰማ። ቅጣውና ፈለቀ ቀጠሉ። ሁለተኛው ቦታ ደረሰ፤ ዝም። ሦስተኛው፤ ዝም። ገበያተኛው ሥራውን ትቶ ወደ ነፊዎቹ ዞረ። ካፒቴኑ ግን ፈገግ ብሎ አጨበጨበ! ለሱ ምንም አልጎደለበትም። ፊቱ አመድ የመሰለው አፈወርቅ ነው። ግራና ቀኙን አየ፤ እሱ ዝም ቢል ሌላው እንደሚናገርበት ገባውና ጠጋ ብሎ በካፒቴኑ ጆሮ አንሾካሾከ።

አጎቴ አልጠበቁም፤ ወደ ፊት ወጥተው ጮኹ። «ጥፋቱ የኔ ነው! ጣቴን አላነሣሁለትም። እኔ ሳልጠራው አይነፋም፤ ያስተማርኩት እንዲህ ነው!» ገብረ ሥላሴ አፉን ሲከፍት አስካሪው በሰደፍ አገጩን መታው። ከዚያ በኋላ መናገር አልቻለም።

አጎቴ አርባ ጅራፍና ደብረ ብርሃን እስር ቤት ተፈረደባቸው። ገብረ ሥላሴን እሑድ ጠዋት ረሸኑት። ሬሳውን ሰጡኝ።

ጓሳ ያለው ሰው መውረድ ጀምሮ እንደ ነበር ኋላ ሰማን። በመጀመሪያው ዝምታ ቆሙ፤ በሁለተኛው ተያዩ፤ በሦስተኛው «መካከለኛው የለም፤ ይኼ ወጥመድ ነው» ብለው ተመለሱ። የበዕውቀቱ ብልሃት የሚባለው ወሬ የተጀመረው ያኔ ነው። ሰው ሁሉ አመሰገናቸው። እኔ ግን «ጣቴን አላነሣሁለትም» ሲሉ በጆሮዬ ሰምቻለሁ። ድንጋዬን ካነሡልኝ፣ እሺ ካሉኝ በኋላ! ሁለት መቶ ሰው በኔ ባል ገዙ አልኩ። ከእስር ሲፈቱ ላለማየት ብዬ ሞላሌ ወርጄ ጠላ መሸጥ ጀመርኩ። ተፈትተው ማር ላኩልኝ፤ ከነማሰሮው መለስኩ። ሰው ልከው ቢያስጠሩኝም አልሄድኩም። ጥላቻ ያደክማል ይባላል፤ እኔን እንኳ አላደከመኝም። በደንብ ነው የጠላኋቸው።

በ፲፱፻፴፫ ጣሊያን ወጣ። ፊታውራሪ ዓምደ ሚካኤል መሐል ሜዳ ሊገቡ ነው፣ ያ ዜማም ሊነፋ ነው ተባለ። እኔም ከሞላሌ ተነሥቼ ወጣሁ፤ ፊታውራሪን ለማየት ሳይሆን አጎቴን በሰው ፊት ለመርገም። በዚህኛው ጊዜ ከጀርባ አልቆምኩም። ሰው ገፍቼ ከነፊዎቹ ጎን፣ ፊታቸው ትክክል ቆምኩ።

ቅጣውና ፈለቀ ብቻ ናቸው። በመካከላቸው የአንድ ሰው ቦታ ባዶ ነው። ያን ሁሉ ጊዜ ሌላ ነፊ አላገኙም? የባሌን ባዶ ቦታም መኩሪያ አደረጉት ብዬ ደሜ ፈላ። ዜማው ተጀመረ። መካከለኛው ብቻውን የሚሰማበት ቦታ ሲደርስ የአጎቴ ጣት ተነሣ። ወደ ባዶው ቦታ ተዘርግቶ ጠራ። ድምፁ ሊቆይ የሚገባውን ያህል ቆዩ፤ ከዚያ ወደ ቅጣው ዞሩ። በሁለተኛውም ጣታቸው ተነሣ። በሦስተኛው እጃቸውን እስከ መጨረሻው ዘረጉ፤ ከንፈራቸውም እንደሚለምን ሰው ይንቀሳቀስ ነበር። እንዲህ ያለ ጥሪ ዛሬ የተፈለሰፈ አይመስልም። እጅ የለመደው ነገር ነው።

እርግማኔ አፌ ውስጥ ቀረ። ሰው ሲበተን ተከትያቸው ሄድኩ።

«ያኔም ጠርተውታል» አልኳቸው።

አንገታቸውን ደፉ። «ሦስት ጊዜ ጠራሁት። በሦስተኛው ለመንኩት። ዓይን ዓይኔን እያየ በዓይኑ ብቻ እምቢ አለኝ።»

«ታዲያ አላነሣሁለትም ያሉትስ?»

«በኔ ካሳበብኩ ይተርፋል ብዬ ነዋ!»

«ለኔስ? ሁለት ዓመት ሙሉ ለምን አልነገሩኝም?»

«ባልሽን ከምትጠዪ እኔን ብትጠዪ ይሻላል ብዬ ነው፣ አማከለች።»

ያውቁኝ ነበር። እውነቱን ልናገር፤ ገብረ ሥላሴን ያን ክረምት በሙሉ ጠላሁት። አጎቴ ጠርተውት፣ እኔ ድንጋይ ተሸክሜለት፣ አንድ ትንፋሽ ብቻ አውጥቶ እቤቱ መግባት ሲችል እምቢ አለ። መቃብሩ ላይ ቆሜ ሰደብኩት። ካህኑ ሰምተው አሳፈሩኝ። ጥላቻው መስከረም ላይ ነው የወጣልኝ፤ ከዚያ በኋላ አለቀስኩለት። አጎቴም በዚያው ዓመት ወደ አዲስ አበባ፣ ወደ ሙዚቃ ጓዱ ተመለሱ። በየዓመቱ ማር ይልኩልኝ ነበር፤ ተቀበልኩ።

በቀብራቸው ቀን ኮት የለበሰውን ሰውዬ አስቆምኩትና፣ «ወረቀትህን አስተካክል» አልኩት። «ድምፁን ያስቀረው ገብረ ሥላሴ ነው። እሳቸው ጠርተውታል። እንዲህ ብለህ ጻፍ።»

ሰውየው ደነገጠ። «እማማ፣ እንዲህማ ተብሎ አይጻፍም። ሁለት መቶ ሰው ሊያስፈጁ ነበር ማለት እኮ ነው፤ ያሳፍራቸዋል።»

«አያሳፍራቸውም» አልኩት። «ለኔ ብለው ነው የጠሩት።»