ለጽጌ ያልተረጎምኩላት

ይሄን ለማንም ተናግሬ አላውቅም። ለነፍስ አባቴ እንኳን፣ ጾም ሻርኩ፣ ሰው አማሁ እያልኩ ትንንሹን ስናዘዝ ትልቁን ዋጥኩት። የልጅ ልጄ ናት የምትጽፍልኝ። እንዳልኩት ጻፊው፣ እንዳታሳምሪው ብያታለሁ።

ባለቤቴ እዚህ አትላንታ አንድ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ጽዳት ይሠራ ነበር። የሞተ ጊዜ ስኮትዴል ያለችው አፓርትመንታችን በለቀስተኛ ሞላች። ሱፐርቫይዘሩም መጣ። በር የሚያህል ሰውዬ፣ እንደኛው ፍራሽ ላይ ቁጭ ብሎ አለቀሰ። የባለቤቴ እህት ጽጌ ያኔ በዲቪ ከመጣች ገና ወሯ ነው፤ እንግሊዝኛ የሚባል አታውቅም። እኔ ኮሌጅ ፓርክ ሰፈር ሆቴል አልጋ ሳነጥፍ የለቃቀምኳት እንግሊዝኛ ነበረችኝ።

ሰውዬው ጽጌን እያየ፣ «እኛ ጋ ሰው ሲሞትብን ከቤተሰቡ አንድ እናስገባለን። ሥራ የሌላት እሷ ናት አይደል? ሰኞ ትምጣ» አለኝ።

«ምን አለ፣ እትዬ?» አለች ጽጌ።

«እግዜር ያጽናሽ ነው የሚልሽ» አልኳት።

አልኳት! እኔው ነኝ ያልኳት። ሰይጣን አሳስቶኝ ነው እንዳልል፣ ያን ቀን ቤቱ ውስጥ ለሰይጣን መቀመጫም አልነበረ።

ጽጌዬ ብድግ ብላ «አሜን፣ አሜን» እያለች የሰውዬውን እጅ በሁለት እጇ ያዘች። እሱም እሺ ያለችው መስሎት ደስ አለው።

ሰኞ ሆቴሉን ትቼ እኔ ሄድኩ። «እህቱስ?» ሲለኝ፣ «በኛ ባህል እህት አርባ ቀን ከቤት አትወጣም» አልኩት። ሚስቲቱስ? ቤት መቀመጥ የነበረብኝ እኔ! ጥቁር ለብሼ ፊቱ ቆሜ በሐዘን ሕግ ዋሸሁ። ምን ያውቃል ምስኪን? የባለቤቴን የጽዳት ጋሪ ሰጠኝ።

እውነቱን ልናገር? ወደድኩት! ወንበር እየወለወልኩ እዘፍን ነበር፣ ሐዘንተኛዋ። ፊደል ሳልቆጥር ዩኒቨርሲቲ ገባሁ እያልኩ ብቻዬን እስቃለሁ።

ጽጌስ? ዶሮ ፋብሪካ ገባች። በጨለማ ተነስታ፣ በሰው መኪና ሄዳ፣ በረዶ ቤት ውስጥ ክንፍ ስትቆርጥ ጣቶቿ አበጡ። በመጀመሪያ ደሞዟ ምን ገዛች? ለኔ የሥራ ጫማ! «እትዬ፣ ቆመው አይደል የሚውሉት» ብላ። አደረግኩት። ደግሞ መመቸቱ!

የሆቴሉ አልጋ ወገቤን ጎድቶኝ ነበር፣ ኢንሹራንስ ያለው ሥራ ፈልጌ ነው ልበል? የሷ ጣት ጣት አይደለም? አልልም።

እስከዛሬ እሁድ እሁድ ትመጣለች። ዶሮ አፏ አታስገባም። «ያ ሰውዬ ግን ደግነቱ! እንዴት አርጎ አጽናናን» ትላለች። እኔ ጎንበስ ብዬ ሽሮዬን አማስላለሁ።

ይቺ ልጅ እዚህ ላይ መጻፏን ስቶፕ አድርጋ፣ «ኦ ማይ ጋድ እማማ፣ ጽጌ ትገልሻለች!» ትለኛለች። ትግደለኛ። እሱንም ጻፊው።

እሁድ ስትመጣ ማሪኝ ብዬ አላባብላትም፤ መማር አለመማሩ የሷ ነው። አንቺ አንብቢላት፣ እኔ አጠገቧ እቀመጣለሁ። ሰውዬው የተናገረው ላይ ስትደርሺ ቀስ በይና ሁለቴ አንብቢላት። ሰኞ ትምጣ ነበር ያለው። ሰኞ ትምጣ።